ከቅጥሩ ውጭ፦ ስለ ሥልጣንና ስለ አንድነት

በ1955 ዓ.ም.፣ በጥቅምት ወር፣ አያቴ ዐረፉ። ከወለዷቸው ሰባት ልጆች መካከል በሕይወት የቀሩት ሁለት ወንዶች፣ አባቴና ታናሽ ወንድማቸው፣ በአስከሬኑ ግራና ቀኝ ተቀምጠው እንደ ሕፃን አለቀሱ። ጎረቤቱ ሁሉ በጀፎረው ላይ ተሰበሰበ፤ ከሩቅ የመጣው ለቀስተኛም በእንሰቱ ጥላ ሥር ዐረፍ አለ። የቀረው ቀብሩ ብቻ ነበር። ነገር ግን ቀብሩ ከተሲያት በፊት ሊፈጸም አልቻለም፤ ሁለቱ ወንድማማቾች እናታቸውን በየትኛው ቤተ ክርስቲያን እንደሚቀብሩ መስማማት አቅቷቸው ነበርና።

አባቴ በመንደራችን ደብር ከልጅነት እስከ ሽምግልና ያገለገሉ መሪጌታ ነበሩ። አጎቴ ደግሞ በወጣትነታቸው በካቶሊክ ሚሲዮን ትምህርት ቤት ተምረው የካቶሊክን እምነት የተቀበሉ ሰው ነበሩ። አያቴ በተዋሕዶ ሃይማኖት ተጠምቀው በዚያው ኖሩ፤ የመጨረሻዎቹን ሦስት ዓመታት ግን ታመው በአጎቴ ቤት ተኙ። በእነዚያ ዓመታት አንድ የካቶሊክ ቄስ እየመጣ በራስጌያቸው ይጸልይላቸው ነበር። «እናቴ በመጨረሻ ከእኔ ጋር ነበረች» አሉ አጎቴ። «እናቴ የተጠመቀችበትን አልካደችም» አሉ አባቴ። ሁለቱም እውነት ተናገሩ። ሽማግሌዎች ሲመላለሱ አርፍደው በደብሩ እንዲቀበሩ ተወሰነ፤ የደብሩ አለቃ ግን በውሳኔው ላይ አንድ ነገር ጨመሩበት፦ አጎቴና ከእርሳቸው ጋር የመጡት ሰዎች ጸሎተ ፍትሐቱ እስኪያበቃ ከቅጥሩ ውጭ ይቆያሉ።

እኔ በዚያን ጊዜ የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ዲያቆን ነበርሁ። በሩን እንድዘጋ የታዘዝሁት እኔ ነኝ፤ ዘጋሁትም። የመቀርቀሪያውን ድምፅ ዛሬም አልረሳሁትም። ይበልጥ ያልረሳሁት ግን ከዚያ በኋላ የሰማሁትን ነው። በእኛ አገር ያሉት ካቶሊኮች የሚቀድሱትም የሚጸልዩትም በግእዝ ሥርዓት ስለ ነበረ አጎቴ ጸሎቱን ከሞላ ጎደል በቃላቸው ያውቁታል። እኛ ከውስጥ ስናዜም እርሳቸው ከግንቡ ባሻገር ቆመው ተሰጥኦውን ይመልሱ ነበር። ቋንቋው አንድ፣ ጸሎቱ አንድ፣ የሞቱትም እናት አንድ ነበሩ፤ በመካከላችን የቆመው አንድ ግንብና እኔ የገፋሁት እንጨት ብቻ ነበር።

ይህን ታሪክ ለብዙ ዓመታት ለማንም አልተናገርሁም። ዛሬ ሰማንያ ዓመት ካለፈኝ በኋላ የማነሣው ኀዘኔን ለመቀስቀስ አይደለም። ያ በር ስለ ምን እንደ ተዘጋ፣ ሊከፍተው ይችል የነበረውስ ማን እንደ ሆነ ሳሰላስል፣ አንድ የፈረንሳይ ሊቅ የጻፏቸው መጻሕፍት ረጅም ዘመን አብረውኝ ስለ ኖሩ ነው። ሊቁ አባ ኢቭ ኮንጋር ይባላሉ። ስለ እርሳቸው በአገራችን ቋንቋ ብዙ አልተነገረም፤ ሐሳባቸው ግን ለካህናት ብቻ የሚቀር አይደለም። በማንኛውም ማኅበር ውስጥ የሚኖር፣ የሚያስተምር፣ የሚጽፍ ወይም የሚያዝ ሰው ሁሉ አንድ ቀን የሚገጥመውን ጥያቄ እርሳቸው በሕይወታቸውም በብዕራቸውም ገጥመውታል።

ከመጻሕፍታቸው ጋር የተዋወቅሁት መምህር ሆኜ አዲስ አበባ ከገባሁ በኋላ ነው። ፈረንሳይኛ እማር ነበርና አንድ ወዳጄ ለቋንቋ ልምምድ ይሆንሃል ብሎ አንድ ያረጀ መጽሐፍ ከአንድ ገዳም ቤተ መጻሕፍት ተውሶ አመጣልኝ። ርእሱ «የተለያዩ ክርስቲያኖች» የሚል ትርጉም ያለው ሲሆን የታተመው እ.ኤ.አ. በ1937 ነው። መዝገበ ቃላት በቀኜ፣ ደብተር በግራዬ አድርጌ ጀመርሁት። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ግን የማነብበው ለቋንቋው እንዳልሆነ ዐወቅሁ።

ኮንጋር እ.ኤ.አ. በ1904 ለቤልጅግ ድንበር በምትቀርበው በሰዳን ከተማ ተወለዱ። የአሥር ዓመት ልጅ ሳሉ፣ በ1914፣ የጀርመን ጦር ከተማዋን ያዘ። በእናታቸው ምክር የሚያዩትን ሁሉ በደብተር መመዝገብ ጀመሩ፤ ያ የሕፃን ማስታወሻ ከብዙ ዘመን በኋላ፣ በ1997፣ መጽሐፍ ሆኖ ታትሟል። በጦርነቱ መጀመሪያ የሰፈራቸው የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን በእሳት ወደመ። ያን ጊዜ የአካባቢው የፕሮቴስታንት ፓስተር የራሳቸውን ጸሎት ቤት ለካቶሊኮቹ ሰጡ፤ ምእመናኑም ለበርካታ ዓመታት በዚያ ጸለዩ። ኮንጋር ካረጁ በኋላ ወደ ክርስቲያኖች አንድነት የመራቸው ምን እንደ ሆነ ሲናገሩ ይህን ከማስታወስ አልቦዘኑም። እርሳቸው በአሥር ዓመታቸው የተከፈተ በር አዩ፤ እኔ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቴ በር ዘጋሁ። ስለዚህ መጽሐፉን እንደ ሌላ አንባቢ ላነበው አልቻልሁም።

በ1925 ወደ ዶሚኒካውያን ማኅበር ገብተው ለ ሶልሽዋር በተባለው የማኅበሩ ትምህርት ቤት ተማሩ፤ በኋላም በዚያው መምህር ሆኑ። የለ ሶልሽዋር መምህራን፣ በተለይም ማሪ-ዶሚኒክ ሸኑ፣ ተማሪውን የሚያስተምሩት ትምህርተ ሃይማኖትን ከዘመኑና ከታሪኩ ጋር አያይዞ እንዲመረምር ነበር። አንድ ቃል መቼ ተጻፈ? በማን ላይ ተጻፈ? ከዚያ በፊትስ ምን ይባል ነበር? ይህ ዐይነቱ ጥያቄ ቀላል ይመስላል፤ ነገር ግን «ሁልጊዜም እንዲህ ነበር» የሚለውን መልስ ሁሉ ይፈታተናል። አንዳንድ ሥልጣን የሚቆመው ደግሞ በዚህ መልስ ላይ ነው።

የ1937ቱ መጽሐፍ የታተመበትን ጊዜ ማስተዋል ያስፈልጋል። ጳጳሱ ፒዮስ 11ኛ በ1928 ባወጡት መልእክት ካቶሊኮች በሌሎቹ ክርስቲያኖች የአንድነት ጉባኤያት እንዳይሳተፉ ከልክለው ነበር። አንድነት ማለት የወጡት መመለስ፣ መመለስም ማለት የነበራቸውን ጥሎ መምጣት ነው ተብሎ ይታሰብ ነበር። ኮንጋር ቤተ ክርስቲያናቸውን አልካዱም፤ ሙላቱ በእርስዋ ዘንድ አለ ብለው ያምናሉ። ነገር ግን ያ ሙላት በመለያየቱ ምክንያት በሥራ ጎድሏል አሉ። ተለይተው የሄዱት ባዶ እጃቸውን አልሄዱም፤ አንዳንዱን እውነት ከቀሩት ይልቅ ጠብቀው፣ ከቀሩት ይልቅ አሳድገው ይዘውታል። ስለዚህ የአንድነት ሥራ የጠፋ በግ መፈለግ ብቻ አይደለም፤ የቀረውም ቤት የጎደለውን የሚያገኝበት ነው። በአማርኛችን ልናገረው ብል አንድነትንና አንድ ዓይነትነትን ለዩ ማለት ነው። የአንድ እናት ልጆች አንድ ናቸው፤ አንድ ዓይነት ግን አይደሉም።

ከዚያ በኋላ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣ። ኮንጋር በ1940 ተማርከው እስከ 1945 ድረስ ኮልዲትስንና ሉቤክን በመሳሰሉ የጀርመን የምርኮኞች ሰፈሮች ቆዩ። ከዚያ ሲመለሱ የአገራቸው ካህናት ወደ ፋብሪካ ገብተው ከሠራተኛው ጋር የሚኖሩበት፣ ጥያቄ የበዛበት ጊዜ ነበር። በ1950 «እውነተኛና ሐሰተኛ ተሐድሶ በቤተ ክርስቲያን» የሚለውን ትልቅ መጽሐፋቸውን አወጡ። ከሥራዎቻቸው ሁሉ ደጋግሜ ያነበብሁት እርሱን ነው።

በዚያ መጽሐፍ ተሐድሶ ሳይከፋፍል እንዲፈጸም አራት ነገሮች ያስፈልጋሉ ይላሉ። አንደኛ፣ ተሐድሶው ከፍቅርና ከሰዎች ኑሮ ይነሣ እንጂ ከንድፈ ሐሳብ ብቻ አይነሣ። ሁለተኛ፣ ተሐድሶ የሚሻው ሰው ከጠቅላላው ማኅበር ጋር ያለውን ኅብረት አይቍረጥ። ሦስተኛ፣ ይታገሥ፤ መዘግየትን ይቻል። አራተኛ፣ የሚያድሰው ከምንጩ ቀድቶ እንጂ ከውጭ የመጣን አዲስ ነገር በላዩ ለጥፎ አይሁን። ሦስተኛውን ነጥብ ሳነብ ግን ተጨማሪውን ማለፍ አይገባም። ኮንጋር ትዕግሥትን የሚጠይቁት ከበታቹ ብቻ አይደለም። ከላይ ያለውም ባለሥልጣን የበታቹን ትዕግሥት እንዳያባክን፣ የሚቀርብለትን ጥያቄ ሳይሰማ በማዘግየት ሰውን ወደ መገንጠል እንዳይገፋ ያስጠነቅቃሉ። መከፋፈል የሚመጣው ከቸኮለው ብቻ ሳይሆን ካልሰማውም ጭምር ነው።

በ1952 የዚህ መጽሐፍ ዳግመኛ እትምና ትርጉም በሮም ተከለከለ። በየካቲት 1954 ደግሞ የማኅበሩ የበላይ ወደ ፓሪስ መጥተው ሦስቱን የፈረንሳይ አውራጃ አለቆች ከሥልጣን አወረዱ፤ ኮንጋርና ሸኑም ከሌሎች ሁለት ወንድሞች ጋር ከቦታቸው ተነሡ። ኮንጋር ከማስተማር ታገዱ። መጀመሪያ ወደ ኢየሩሳሌም ሄዱ፤ ከዚያ ወደ ሮም ተጠሩ፤ ከዚያም በ1956 ወደ ካምብሪጅ ተላኩ፤ በዚያ ዓመት መጨረሻ ስትራስቡርግ እንዲቀመጡ ተፈቀደላቸው። ሃምሳ ዓመት የሞላው መምህር፣ ከተማሪዎቹና ከመጻሕፍቱ ተለይቶ፣ የሚጽፈው ሁሉ አስቀድሞ የሚመረመርበት ሰው ሆነ።

በእነዚያ ዓመታት የያዙት ማስታወሻ እርሳቸው ካረፉ በኋላ በ2001 ታትሞ ወጥቷል። አገኘዋለሁ ብዬ የጠበቅሁት የትዕግሥተኛ መነኩሴ ጸሎት ነበር፤ ያገኘሁት ግን የቈሰለ ሰው ቁጣ ነው። ከካምብሪጅ ለእናታቸው በጻፉት ደብዳቤ በሥጋ ሳይሆን በመንፈስ እንዳጠፏቸው፣ ያመኑበትና የደከሙለት ሁሉ እንደ ተወሰደባቸው ይናገራሉ። ይህን ሳነብ በመጀመሪያ ደነገጥሁ፤ ቈይቶ ግን አጽናናኝ። ትዕግሥት ማለት አለመሰማት፣ መታዘዝም ማለት መደንዘዝ እንዳልሆነ ገባኝ። ኮንጋር ቁጣቸውን በደብተር ጻፉ፤ በአደባባይ ዝም አሉ፤ ያመኑበትን ግን ስሕተት ነው ብለው አልፈረሙም። የተከለከለውን መጽሐፍም አልካዱትም።

በዝምታው ዘመን የሠሩት ሥራ ደግሞ የሚያስደንቅ ነው። የሥልጣንን ታሪክ ፈተሹ። በመጀመሪያው ሺህ ዓመት የቤተ ክርስቲያን ሥልጣን እንዴት ይታሰብ ነበር? መልሳቸው በአጭሩ እንዲህ ነው፦ ኤጲስ ቆጶስ የሚያዝ ነበር፤ ነገር ግን የሚያዘው በማኅበሩ ውስጥ ቆሞ፣ ማኅበሩ መርጦት፣ ከማኅበሩ ጋር እየጸለየ ነው። «ቤተ ክርስቲያን» ሲባል የሚታሰበው ሕዝቡ ሁሉ ነበር። ከ11ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ ግን በምዕራቡ ዓለም ነገሩ ተለወጠ። ጳጳሱ ጎርጎርዮስ 7ኛ ቤተ ክርስቲያንን ከነገሥታትና ከመሳፍንት እጅ ለማውጣት ሲታገሉ የሕግ ሰዎችን አሰለፉ፤ ከጥንት መዛግብትም የጳጳሱን ሥልጣን የሚያጸና ቃል ሁሉ ተሰበሰበ። ዓላማው ነፃነት ነበር። ነገር ግን ነፃ ያወጣው መሣሪያ በቦታው ቀረ፤ ሥልጣን ከማኅበሩ በላይ ብቻውን እንደ ቆመ ሕጋዊ ኀይል መታየት ጀመረ። ከዚያ ወዲያ «ቤተ ክርስቲያን እንዲህ አለች» ሲባል ካህናቱ፣ በኋላም ሮም እንዲህ አለች ማለት ሆነ። ስለ ቤተ ክርስቲያን የተጻፈውም ትምህርት ስለ አለቆችዋ የተጻፈ ትምህርት እስከ መሆን ደረሰ። ነፃ ለማውጣት የተሠራ መሣሪያ ራሱ እንዴት ጌታ እንደሚሆን ያስተማረኝ ይህ ምርምር ነው፤ ትምህርቱም ከቤተ ክርስቲያን ቅጥር ውጭ ለሚኖር ሰው ሁሉ ይተርፋል።

በ1954 ያወጡት «ከዘጠኝ መቶ ዓመት በኋላ» የተሰኘ ጽሑፍ ደግሞ በእኔ ቤት የሆነውን የሚተርክ እስኪመስለኝ ድረስ ነካኝ። የምሥራቁና የምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን በ1054 ተለያዩ ይባላል። ኮንጋር ግን ያ ቀን የመለያየቱ ምክንያት አይደለም ይላሉ። ከዚያ በፊት ለብዙ መቶ ዓመታት አንዱ የሌላውን ቋንቋ መማር ትቶ ነበር፤ አንዱ የሌላውን ልማድ እንደ ነውር ማየት ጀምሮ ነበር፤ ከሁሉ በላይ ደግሞ ሁለቱም ያለ ሌላው መኖርን ለምደው ነበር። መለያየት ማለት ይህን መልመድ ነው። አባቴና አጎቴ የተለያዩት በአያቴ ቀብር ቀን አልነበረም። ከዚያ በፊት አሥራ አምስት ዓመት ያህል በመስቀል በዓል አንዱ የሌላውን ቤት ክትፎ ሳይቀምስ ያልፍ ነበር። ያን የለመደ ቤተሰብ በሩን ለመዝጋት የሚያስፈልገው አንድ ታዛዥ ልጅ ብቻ ነው።

በጥር 1959 ጳጳሱ ዮሐንስ 23ኛ ጉባኤ እንደሚጠሩ አስታወቁ፤ በ1960 ደግሞ የታገደውን ሊቅ የዝግጅቱ የነገረ መለኮት ኮሚሽን አማካሪ አድርገው ሾሟቸው። ሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤ ኦክቶበር 11 ቀን 1962 ተከፈተ። ይህ ቀን በእኛ አቈጣጠር ጥቅምት 1 ቀን 1955 ነው። አያቴ የተቀበሩት በዚያው ወር ነበር። እኛ በአንድ መንደር በር ስንዘጋ በሮም ሌላ በር ይከፈት እንደ ነበር ማናችንም አናውቅም ነበር።

ኮንጋር በጉባኤው ዘመን ሁሉ ሠሩ፤ የነርቭ ሕመም እግራቸውን እያደከመው በምርኩዝ እየሄዱ፣ ሌሊት ማስታወሻ እየጻፉ፣ ቀን ረቂቅ እያረሙ። ስለ ቤተ ክርስቲያን፣ ስለ መለኮታዊ መገለጥ፣ ስለ ክርስቲያኖች አንድነት፣ ስለ ተልእኮና ስለ ካህናት በወጡት ሰነዶች ሁሉ እጃቸው አለበት። ኖቬምበር 21 ቀን 1964 ስለ ቤተ ክርስቲያን የተዘጋጀው ሰነድ 2,151 ድምፅ በ5 ተቃውሞ፣ ስለ አንድነት የተዘጋጀው ደግሞ 2,137 ድምፅ በ11 ተቃውሞ ጸደቁ። በመጀመሪያው ሰነድ አሠራር ላይ አንድ ነገር ልብ ይሏል፦ ስለ እግዚአብሔር ሕዝብ የሚናገረው ምዕራፍ ስለ ጳጳሳትና ስለ ኤጲስ ቆጶሳት ከሚናገረው ምዕራፍ ቀድሟል። የምዕራፍ ቅደም ተከተል ትንሽ ነገር ይመስላል። ነገር ግን መጀመሪያ ሕዝብ አለ፤ ሥልጣን ያለውም በሕዝቡ ውስጥና ለሕዝቡ ነው ማለት ነው። በሁለተኛውም ሰነድ ለመለያየቱ በሁለቱም ወገን የነበሩ ሰዎች በደል እንዳለበት ተጻፈ። ዲሴምበር 7 ቀን 1965 ጳጳሱ ጳውሎስ 6ኛና ፓትርያርክ አቴናጎራስ የ1054ቱን ውግዘት በአንድ ቀን ከመታሰቢያ አነሡት። ከ911 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

እኔን እንደ ኢትዮጵያዊ ይበልጥ ያሳሰበኝ ግን ኮንጋር በ1972 ስለ «መቀበል» የጻፉት ጽሑፍ ነው። አንድ ጉባኤ በወሰነ ጊዜ ነገሩ ያበቃል? አያበቃም ይላሉ። የኒቅያ ጉባኤ በ325 ወሰነ፤ ውሳኔው በእውነት የጸናው ግን ከ56 ዓመት ክርክርና መከራ በኋላ፣ በ381 በቁስጥንጥንያ ነው። ማኅበሩ የተነገረውን መርምሮ፣ በሕይወቱ ፈትኖ፣ የራሱ እምነት መሆኑን ሲያውቅ ይቀበለዋል። መቀበል ማለት መታዘዝ ብቻ አይደለም፤ የታዘዘው አካል የራሱን ማስተዋል ይጨምርበታል። ኬልቄዶንም በ451 ወሰነ፤ የግብጽ፣ የሶርያ፣ የአርመንና የኢትዮጵያ አብያተ ክርስቲያናት ግን አልተቀበሉትም። ለአንድ ሺህ አምስት መቶ ዓመት ይህ አለመቀበል በምዕራብ ዘንድ እንደ እልክ ሲቈጠር ኖሯል። በ1973 ጳውሎስ 6ኛና የእስክንድርያው ፓትርያርክ ሺኖዳ 3ኛ ስለ ክርስቶስ አምላክነትና ሰውነት የጋራ እምነታቸውን በአንድ ቃል ሲገልጹ ግን፣ ብዙው ጠብ የቃላት እንደ ነበረ በአደባባይ ታየ።

በአዋጅ የመጣ አንድነት መቀበልን እንደማይተካ ደግሞ የእኛው ታሪክ ይመሰክራል። ዐፄ ሱስንዮስ በ1622 የካቶሊክን እምነት በይፋ ተቀበሉ፤ አልፎንሶ ሜንዴስ በ1625 መጥተው በማግስቱ ዓመት ንጉሡና መኳንንቱ ለሮም መታዘዛቸውን በመሐላ አረጋገጡ። ካህናቱ እንደገና ይሾሙ፣ ሕዝቡ እንደገና ይጠመቅ፣ በዓላቱ ይለወጡ ተባለ። አገሩ በደም ተጨማለቀ፤ በ1632 ንጉሡ የቀድሞውን ሃይማኖት መልሰው ዙፋናቸውን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ለቀቁ። ያ አንድነት ስድስት ዓመት ቆየ፤ ጥሎት የሄደው ጥርጣሬ ግን እስከ አያቴ መቃብር ደርሷል። የአለቃው ትእዛዝ ከባዶ አልመጣም። ይህን መረዳት ትእዛዙን ትክክል አያደርገውም፤ ነገር ግን በሩ ከእኔም ከአለቃውም በፊት ለሦስት መቶ ዓመት ሲዘጋ እንደ ኖረ ያሳያል።

እንግዲህ ኮንጋርን በማመስገን ብቻ ልጨርስ አልችልም፤ የሚከብደኝ ነገር አለ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ይባላል። እውነት ነው። ነገር ግን እንቁላሉ በእግሩ እስኪሄድ ድረስ የሚሞት ሰው አለ። ኮንጋር ታግሠው የጉባኤ አማካሪ ሆኑ፤ በ1994፣ በዘጠና ዓመታቸው፣ ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ ካርዲናል አደረጓቸው፤ በሰኔ 1995 በፓሪስ ዐረፉ። ስንቱስ ታግሦ፣ ማንም ሳያስታውሰው፣ ጽሑፉ በሣጥን እንደ ተቈለፈ አለፈ? አንድ ሰው ስለ ተካሰ ትዕግሥት ሁሉ ይካሳል ማለት አይቻልም። ከድል የተነሣ ትዕግሥትን የሚያመሰግን ሰው ያልተሳካላቸውን መርሳት የለበትም።

ከዚህ ጥያቄ ያወጣኝ መልስ ሳይሆን አጎቴ የተናገሩት አንድ ቃል ነው። አባቴ ካረፉ በኋላ አጎቴን ሄጄ ስለዚያ ቀን ይቅርታ ለመንኋቸው። ቡናቸውን እየጠጡ ቆይተው፣ «ተወው ልጄ፤ አንተ የታዘዝኸውን ነው ያደረግኸው» አሉኝ። ሊያሳርፉኝ ነበር፤ አላሳረፉኝም። መታዘዝ ለኔ ምክንያት ሆነኝ፤ ኮንጋርም ታዘዙ፤ ታዲያ ልዩነታችን ምንድን ነው? ብዙ ካሰብሁ በኋላ የደረስሁበት ይህ ነው። ኮንጋር የተቀበሉት በራሳቸው ላይ የተዘጋን በር ነው። ተማሪ ሲከለከሉ ታገሡ፤ ከአገር ሲርቁ ታገሡ። ትእዛዝ ብለው በሌላ ሰው ላይ በር ሲዘጉ ግን አላነበብሁም። እኔ ግን የታዘዝሁት በአጎቴ ላይ ነው፤ ትዕግሥቱን የከፈሉትም እርሳቸው ናቸው። በራስ ላይ የሚወድቅ መታዘዝና በሌላው ላይ የሚወድቅ መታዘዝ በአንድ ስም ይጠራሉ፤ አንድ ነገር ግን አይደሉም። አርባ ዓመት ሳስተምር፣ የአንድን ተማሪ ጽሑፍ «ጊዜው አይደለም» ብዬ ወደ ጎን ባደረግሁ ቁጥር የትኛውን መታዘዝ እየታዘዝሁ እንደ ሆነ ራሴን ጠይቄያለሁ። መልሱ ሁልጊዜ አላስመሰገነኝም።

አጎቴ በ1981 ዓ.ም. ዐረፉ። የተቀበሩት በራሳቸው ቤተ ክርስቲያን ነው። ከደብራችን የመጣነው ሰዎች ጥቂት ነበርን፤ በሩ ወለል ብሎ ተከፍቶ ነበርና ገብቼ ከኋላ ቆምሁ። ጸሎተ ፍትሐቱ ሲጀመር ቃሉ የማውቀው ቃል ሆነ። ዝም ልል አስቤ ነበር፤ ተሰጥኦው ሲደርስ ግን አፌ ከልማዱ የተነሣ መለሰ። በፊቴ የቆሙ አንዲት አሮጊት ዞረው አዩኝ፤ ጥቂት ፈቀቅ ብለው ቦታ ሰጡኝ።

ይህ አንድነት አይደለም። የካቶሊክና የምሥራቅ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ አብያተ ክርስቲያናት የጋራ ኮሚሽን፣ የእኛዋም ቤተ ክርስቲያን ያለችበት፣ ከ2004 ጀምሮ ተወያይቷል፤ በ2009 ስለ ቤተ ክርስቲያን ባሕርይ፣ አቋምና ተልእኮ አንድ የጋራ ጽሑፍ አውጥቷል፤ ቍርባኑ ግን እስከ ዛሬ ሁለት ነው። እኔም ያን ቀን ከጸሎቱ በቀር ያገኘሁት የለም። ነገር ግን ኮንጋር እንዳስተማሩኝ መለያየት ያለ ሌላው መኖርን መልመድ ከሆነ፣ ያንን ልማድ ማፍረስ የሚጀመረው ጉባኤ ሳይጠራ ነው። አሮጊቷ የሰጡኝ ቦታ ስፋቱ ሁለት ስንዝር ያህል ነበር። ቆሜበት እስከ መጨረሻው ጸለይሁ።